ይግባኝ መሳቢያ ውስጥ ሲያድር
(በማኅበራችን ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



ባለፈው ስብሰባ የተነሣ አንድ ጥያቄ ሳይመለስ ቀርቶ ነበር። «ደመወዜ ያላግባብ ተቀንሷል ብዬ ይግባኝ ካልሁ በኋላ መልስ የሚሰጠኝ ባጣ ምን ላድርግ?» ነበር የተባለው። መቼም ከመካከላችን «ነገ ና» ያልተባለ የለም። ቢሮው እምቢ ቢል እኮ ይሻል ነበር፤ እምቢታ ወረቀት አለው፣ ወረቀቱን ይዘው ዳኛ ፊት ይቀርባሉ። ዝምታን ግን ምን ብለው ያቀርቡታል?

ችግሩ የእኛ ብቻ አይደለም። የሕንድ መንግሥት ሠራተኞች ብዙ ተከራክረውበታል፤ የእነሱ ነገር ስለሚያስተምር እሱኑ እናውጋችሁ።

በሕንድ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 226 መሠረት ከፍተኛ ፍርድ ቤቶች አንድን መሥሪያ ቤት ግዴታውን እንዲፈጽም የማዘዝ ሥልጣን አላቸው። ሠራተኛው የደመወዝ እርከኔ በስሕተት ተሠርቷል ብሎ ይግባኝ አቅርቦ ዝም ሲባል፣ ፍርድ ቤቱ ብዙውን ጊዜ ደመወዙን ራሱ አያሰላለትም። «ይግባኙን በስምንት ሳምንት ውስጥ ወይም በሦስት ወር ውስጥ፣ ምክንያታችሁን በጽሑፍ ገልጻችሁ ወስኑ» ብሎ ቀን ይቈርጣል። ቀኑን ሆን ብሎ ያሳለፈ ሹም ፍርድ ቤት በመድፈር ሊጠየቅ ይችላል።

ልብ በሉ፤ ትእዛዙ «ወስኑ» ይላል እንጂ «ክፈሉ» አይልም። ብዙ ሰው እዚህ ላይ እንደረታ ቈጥሮ ወዳጅ ዘመድ ይጠራል። መሥሪያ ቤቱ በሰባተኛው ሳምንት «አይገባህም» ቢለው ክርክሩ ገና መጀመሩ ነው። ቢሆንም አሁን የሚከራከርበት ወረቀት በእጁ ገብቷል፤ ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

እ.ኤ.አ. በ1985 የወጣው የአስተዳደር ፍርድ ቤቶች ሕጋቸው ደግሞ ዝምታን ራሱን እንደ መልስ ቈጠረው ማለት ይቻላል። ይግባኙ ከቀረበ ስድስት ወር ሞልቶ ውሳኔ ከሌለ ሠራተኛው በቀጥታ ክስ ያቀርባል፤ ለዚህም ከዚያ ወዲያ ያለው ጊዜ አንድ ዓመት ነው።

አሁን የሚያሳዝነው ይመጣል። ሰው ተስፋ ስለማይቈርጥ ማመልከቻ ላይ ማመልከቻ ይጽፋል። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1989 በሕግ ያልተደነገገ ማመልከቻ ደጋግሞ መጻፍ የክሱን ጊዜ እንደማያራዝም ወሰነ። በ2008 ደግሞ የደመወዝ ስሕተት በየወሩ የሚደጋገም ስለሆነ የዘገየም ሊከስ ይችላል፣ ውዝፉ ግን እንደ ደንቡ ክሱ ከመቅረቡ በፊት ካሉት ሦስት ዓመታት አያልፍም አለ። ዐሥር ዓመት በትሕትና ደጅ የጠና ሰው የሰባቱን ዓመት ገንዘብ አጣ ማለት ነው። እኛ ይህ ይከብደናል፤ ትሕትናው ነው የጎዳው።

የሕንድ ሕግ እዚህ እንደማይሠራ ግልጽ ነው። የእኛም የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 37 በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ የማቅረብ ብቻ ሳይሆን ውሳኔ የማግኘትንም መብት ሰጥቷል። «ውሳኔ የማግኘት» የምትለዋን ያዙልን።

እንግዲህ በየቤታችሁ ይግባኝ አቅርባችሁ የምትጠብቁ ካላችሁ፣ መዝገብ ቤት ገቢ የሆነበት ቀንና ማኅተም ያለበትን ግልባጭ ፈልጉ። ያላገኘ ሰው ነገ ጠዋት ሄዶ የገቢ ቁጥሩን ይጠይቅ። ያገኘ ደግሞ ቅዳሜ ወደ ማኅበሩ ጸሐፊ ይዞት ይምጣ፤ የክስ ጊዜው ሳያልፍ የሕግ ባለሙያ ዘንድ አብረን እንሄዳለን።