ስማቸው ያልተጠየቀ አገልጋዮች



በትምህርት ቤታችን በዓል ላይ እናገር ዘንድ ስለ ተፈቀደልኝ ደስታዬ ታላቅ ነው። የምናገረው ግን ስለ ራሴ ስሕተት ነው።

ለዚህ በዓል እንግዶችን በአማርኛ የሚቀበል ፕሮግራም በጃቫ 8 እንሠራ ነበር። የአሮጌው ኮምፒዩተር ዲስክ በሞላ ጊዜ ከጃቫ ጋር አብረው የመጡትን ትንንሽ ፕሮግራሞች ተመለከትሁ፤ የማላውቃቸውንም ሥራቸውን ሳልጠይቅ አጠፋኋቸው። በልምምዱ ቀን ከአማርኛ በቀር ሌላ የማታነብ አያቴ መጥታ ነበር። «ሥላሴ» የሚለው ስም በሚታይበት ስፍራ ግን ትርጉም የሌላቸው ምልክቶች ተደረደሩ። አያቴም «ልጄ፥ ይህ የማን ፊደል ነው?» አለችኝ። መልስ አጣሁ።

መምህራችን «ኔቲቭ ቱ አስኪ የሚባለውን ምን አደረግኸው?» ብለው ጠየቁኝ። ነገሩ እንዲህ ነው። ፊደላችን በ1999 እ.ኤ.አ. በዩኒኮድ 3.0 ውስጥ ሲገባ እያንዳንዱ ሆሄ ቁጥር ተሰጠው፤ በ16 መሠረት አቈጣጠር ሥ 1225፥ ሴ 1234 ነው። ጃቫ እስከ 8ኛው ዕትሙ ድረስ እኛ የተጠቀምንበትን የመልእክት ፋይል የሚያነበው በምዕራብ አውሮፓ የላቲን ፊደል ብቻ ነበር። ያ ትንሽ ፕሮግራም ሆሄያችንን ወደ ቁጥሩ ይለውጥ ነበር፤ ጃቫም ቁጥሩን አይቶ ሆሄውን ይመልሰዋል። መምህራችን ከሌላ ኮምፒዩተር አምጥተው በቦታው ቢያኖሩት «ሥላሴ» ተነበበ።

በ2017 እ.ኤ.አ. የወጣው ጃቫ 9 እንዲህ ያለውን ፋይል በዩቲኤፍ 8 በቀጥታ ማንበብ ስለ ጀመረ፥ ኔቲቭ ቱ አስኪ ከመሣሪያዎቹ መካከል ወጣ። ልብ በሉ፤ እነርሱ ያስወገዱት ሥራውን ዐውቀው፥ ምትክ ካዘጋጁለት በኋላ ነው፤ እኔ ግን ባለማወቅ ጣልሁት።

የቀሩትም ከንቱ አይደሉም። ጃቫፕ ተተርጕሞ የተዘጋጀውን ፕሮግራም ውስጡን ያሳያል፤ ጄፒኤስ በሥራ ላይ ያሉትን የጃቫ ፕሮግራሞች ይዘረዝራል፤ ጄስታክ ደግሞ አልንቀሳቀስ ያለ ፕሮግራም የት ላይ እንደ ቆመ ይናገራል።

እንግዲህ ወንድሞቼና እኅቶቼ፥ የማታውቁትን ፕሮግራም ባገኛችሁ ጊዜ ከየትኛው መሣሪያ ጋር እንደ መጣ መርምሩ፤ የአጠቃቀም መመሪያውን አንብቡ፤ በማይጐዳ ቅጂ ላይ ሞክሩት። ከዚያ በኋላ ልታስወግዱት ብትወዱ ምክንያቱን ዐውቃችሁ ይሁን።

ዛሬ አያቴ ከፊት ወንበር ተቀምጣለች። ስሙንም ያለ ረዳት አንብባዋለች።