ከመጠጥ ለመላቀቅ ጸሎትም ሐኪምም



ባለፈው ዝግጅታችን መጠጥ ጉበትን እንዴት እንደሚጎዳ ተነጋግረን ነበር። ከዚያ በኋላ ብዙ ጥያቄ ደርሶናል። አብዛኛው የመጣው ከእናቶችና ከሚስቶች ሲሆን፣ ቃሉ ቢለያይም ሐሳቡ አንድ ነው፦ «ጸበል ልውሰደው ወይስ ክሊኒክ?» የሚል ነው። አንዲት እናት ደግሞ ልጃቸው በታቦት ምሎ ሦስት ሳምንት ከቆየ በኋላ እንደተመለሰበት ነግረውን፣ «እግዚአብሔር ጥሎት ይሆን?» ሲሉ ጠይቀዋል።

እማማ፣ አልጣለውም። ለእርስዎም ለሌሎቻችሁም መልስ የሚሆን አንድ እውነተኛ ታሪክ ስላለ ዛሬ እሱን እንነግራችኋለን። ታሪኩ የተፈጸመው በሩቅ አገር ቢሆንም ስታነቡት የራሳችሁን ቤት የምታዩበት ይመስለናል።

እ.ኤ.አ. በ1934 በኒውዮርክ ከተማ ቢል ዊልሰን የሚባል በአክሲዮን ንግድ ይተዳደር የነበረ ሰው ነበር። ሥራውን በመጠጥ አጥቷል፤ ቤቱን የምታስተዳድረው ሚስቱ ሎይስ ናት። ሆስፒታል ይገባል፣ ይወጣል፣ ተመልሶ ይጠጣል። በኅዳር ወር አንድ የጥንት የመጠጥ ጓደኛው ሊጠይቀው መጣ። ቢል ሲቀዳለት እንግዳው አልጠጣም አለ። ምን ሆነህ ነው ቢለው፣ ወደ እግዚአብሔር እንደተመለሰ ነገረው።

ይህ ጓደኛ የተለወጠው ኦክስፎርድ ግሩፕ በሚባል የክርስቲያኖች ኅብረት ውስጥ ነው። ኅብረቱን የመሠረተው ፍራንክ ቡክማን የሚባል አሜሪካዊ የሉተራን ቄስ ነበር። በዚህ ኅብረት ያሉ ሰዎች የሚያደርጉት ነገር ለእኛ እንግዳ አይደለም። በደላቸውን ለሌላ ሰው ይናዘዛሉ፣ የበደሉትን ሰው ይክሳሉ፣ ጠዋት ጠዋት በጸጥታ ይጸልያሉ፣ ያገኙትን ደግሞ ለሌላው ያካፍላሉ። የነፍስ አባት ያለው ሰው የመጀመሪያውን ያውቀዋል። በሽማግሌ ፊት ቀርቦ ካሳ የከፈለም ሁለተኛውን ያውቀዋል።

ቢል በታኅሣሥ ወር ለመጨረሻ ጊዜ ሆስፒታል ገባ። ያከመው ሐኪም ዶክተር ዊልያም ሲልክዎርዝ ሱስ የጠባይ ብልሹነት ሳይሆን በሽታ ነው ብሎ የሚያምን ሰው ነበር፤ ይህን የሚል ሐኪም በዚያ ዘመን ብዙ አልነበረም። ቢል እዚያው አልጋው ላይ ሆኖ ወደ እግዚአብሔር ጮኸ፤ ክፍሉ በብርሃን የተሞላ መሰለው። ከዚያ ቀን ጀምሮ እ.ኤ.አ. በ1971 እስከ ሞተበት ጊዜ ድረስ አልጠጣም።

ታሪኩ እዚህ ላይ ቢያበቃ የአንድ ሰው ምስክርነት ሆኖ ይቀር ነበር። ለእኛ የሚጠቅመው ግን ቀጥሎ የመጣው ነው። ቢል ከሆስፒታል እንደወጣ በየመጠጥ ቤቱና በየሆስፒታሉ እየዞረ ሰካራሞችን መስበክ ጀመረ። ለወራት ሰበከ። ከእነዚያ ሁሉ ሰዎች አንድም መጠጥ ያቆመ አልነበረም። ዶክተር ሲልክዎርዝ ታዲያ ስብከቱን እንዲተውና በመጀመሪያ ስለ በሽታው፣ በራሱም ላይ ስለደረሰው እንዲነግራቸው መከረው። ልብ በሉ፣ ይህ ምክር ዛሬ ባልና ልጅ ለሚገሥጹ ቤተሰቦችም ይሠራል። ሰካራም ሰው ስድቡንም ስብከቱንም አስቀድሞ ለራሱ ብሎት ጨርሷል።

እ.ኤ.አ. በግንቦት 1935 ቢል ለንግድ ጉዳይ አክሮን ወደምትባል ከተማ ሄደ። ንግዱ ሳይሳካ ቀረና በሆቴሉ አዳራሽ ብቻውን ቆመ። በአንድ በኩል መጠጥ ቤቱ ሞቆ ይሰማል፣ በሌላው በኩል ስልክ አለ። ሊጠጣ ምንም አልቀረውም ነበር። ወደ ስልኩ ሄዶ የቤተ ክርስቲያን አገልጋዮችን ቁጥር ፈለገና ደወለ። የጠየቀው ገንዘብም ጸሎትም አይደለም፤ እንደ እርሱ የመጠጥ ችግር ያለበት ሰው እንዲያገናኙት ነው።

ያገናኙት ሮበርት ስሚዝ ከሚባል ቀዶ ጥገና ሐኪም ጋር ነው። ዶክተር ቦብ ይሉታል። እማማ፣ እዚህ ላይ ያድምጡኝ። ዶክተር ቦብ ያን ጊዜ ከዚያው ኅብረት ጋር ሁለት ዓመት ተኩል ያህል ሲጸልይ፣ መጽሐፍ ቅዱስም ሲያነብ ቆይቷል፤ ማታ ማታ ግን ይጠጣ ነበር። እምነት አጥቶ አልነበረም። ቢልን ለማነጋገር የፈቀደው ለሩብ ሰዓት ብቻ ነበር። ከቀኑ 11 ሰዓት ላይ የተቀመጡ ሰዎች የተነሡት ከምሽቱ 5 ሰዓት ካለፈ በኋላ ነው። ቢል አልሰበከውም፣ የራሱን ታሪክ ነገረው። ዶክተሩ ስለ መጠጥ ብዙ ሰው አነጋግሮታል፤ በሽታውን በራሱ ሥጋ ከሚያውቅ ሰው ጋር ሲነጋገር ግን የመጀመሪያው ነበር። «ሰው ለሰው መድኃኒቱ ነው» የምንለው ይኸው አይደለም?

ዶክተር ቦብ ከዚያ በኋላ አንድ ጊዜ ወድቋል። ለሐኪሞች ጉባኤ ሄዶ ሰክሮ ተመለሰ። ሰኔ 10 ቀን 1935 ጠዋት ቀዶ ጥገና ሊሠራ ነበርና እጁ እንዳይንቀጠቀጥ ቢል አንድ ቢራ ሰጠው። የመጨረሻው መጠጥ እሱ ሆነ። ከዚያ በኋላ እ.ኤ.አ. በ1950 እስከ ሞተበት ድረስ ለ15 ዓመታት አልጠጣም። አልኮሊክስ አኖኒመስ፣ በእኛ ቋንቋ ስማቸውን የማይገልጹ የመጠጥ ሱሰኞች ኅብረት፣ የተመሠረተበት ቀን ሆኖ የሚቆጠረው ይህ ነው።

የመጀመሪያዎቹ ሰዎች ገና የራሳቸው መጽሐፍ ስላልነበራቸው የሚያነቡት መጽሐፍ ቅዱስን ነበር። በተለይ የተራራውን ስብከት፣ አንደኛ ቆሮንቶስ ምዕራፍ 13ንና የያዕቆብን መልእክት ይወዱ ነበር። የያዕቆብ መልእክት እርስ በርስ ስለ መናዘዝና አንዱ ለሌላው ስለ መጸለይ ስለሚናገር፣ ኅብረቱን «የያዕቆብ ማኅበር» እንበለው ያሉም ነበሩ። በአክሮን በቅዱስ ቶማስ ሆስፒታል ደግሞ ሲስተር ኢግናሺያ የሚባሉ የካቶሊክ መነኩሲት ነበሩ። በዚያን ጊዜ ሆስፒታሎች ሰካራም አያስተኙም ነበርና፣ እ.ኤ.አ. በ1939 ዶክተር ቦብ ያመጣውን ሕመምተኛ የጨጓራ ብግነት ብለው መዝግበው፣ አበባ በሚዘጋጅበት ትንሽ ክፍል አስተኙት። ድኖ ለሚወጣ ሰው አንዲት ትንሽ የክርስቶስ ምስል ይሰጡና፣ ለመጠጣት ከወሰንክ መጀመሪያ ይህን መልስልኝ ይሉት ነበር። እንዲህ ያለችውን ነገር እኔ ከብዙ ግዝት እመርጣታለሁ።

ኅብረቱ ከኦክስፎርድ ግሩፕ የተለየው በ1937ና በ1939 ነው። አሥራ ሁለቱን ደረጃዎች ጽፈው በ1939 መጽሐፉን ሲያሳትሙ፣ በመካከላቸው ሃይማኖት የሌላቸውም ስለነበሩ፣ እግዚአብሔር የሚለውን ቃል እያንዳንዱ እንደሚረዳው ብለው አሰፉት። ተንበርክኮ የሚለውንም ከረቂቁ አወጡት። ኑዛዜው፣ ካሳው፣ ጸሎቱና ሌላውን መርዳቱ ግን እንዳለ ቀረ። በዚህ ሰፈር ቦረናው፣ ገብራው፣ ጋሪው፣ ቡርጂውና አማራው፣ ሙስሊሙና ክርስቲያኑ አብሮ ይኖራል። መጠጥ በሃይማኖቱ ክልክል የሆነበት ሰው ሲጠጣ በድብቅ ስለሚጠጣ፣ ከሁሉም ይልቅ ዘግይቶ ወደ ሕክምና የሚመጣው እሱ ነው። ለእርሱም በሩ ክፍት ነው።

አሁን ወደ መሐላው እንመለስ። እኛ ዘንድ ሰው ሲምል ለዕድሜ ልክ ይምላል። ሲወድቅ ታቦቱን እንደካደ ስለሚቆጥረው ከኃፍረቱ ለመሸሽ ይብሱን ይጠጣል። እነዚህ ሰዎች ግን ዛሬን ብቻ አልጠጣም ይላሉ፤ ነገም እንደገና ዛሬን ብቻ። የወደቀ ሰው ስብሰባው ላይ ሲመጣ ወንበር ይሰጠዋል። አንድ ሌላ ነገርም አለ። በእኛ አገር ማኅበር ይጠጣል እንላለን፤ ጠላው ከሌለ ማኅበሩ ማኅበር አይመስለንም። የሚካኤልን ዝክር በቀሪቦ ወይም በብርዝ ብታደርጉት መልአኩ የሚቀየም አይመስለኝም። ከጫት በኋላ ምርቃናውን ለመስበር ጨብሲ የምትወጡ ወጣቶችም፣ ሁለት ሱስ አንድ ላይ እያሳደጋችሁ መሆኑን እወቁ።

ከዚህ በታች ያለውን ደግሞ ለማያነቡ ጎረቤቶቻችሁ አንብቡላቸው። በየቀኑ አረቄ ለረጅም ጊዜ የጠጣ ሰው በድንገት ሲያቆም ሊሞት ይችላል። አንጎል ከአልኮሉ ጋር ተላምዶ ስለኖረ፣ ሲቀርበት ይናወጣል። ከጥቂት ሰዓታት በኋላ እጅ ይንቀጠቀጣል፣ ያልባል፣ እንቅልፍ ይጠፋል። በመጀመሪያው ወይም በሁለተኛው ቀን እንደሚጥል በሽታ ሊጥለው ይችላል። ከሁለተኛው እስከ አራተኛው ቀን ደግሞ የሌለ ነገር ማየት፣ መቃዠትና ትኩሳት ሊመጣ ይችላል። አንድ ሰው ምሎ ባቆመ በሁለተኛው ቀን ወድቆ ሲንፈራገጥ ቤተሰቡ ጋኔኑ ሊወጣ ነው ብለው ሲጸልዩ አድረው፣ ንጋት ላይ ወደ እኛ አመጡት። ተረፈ። ጸሎታቸው መልካም ነበር፤ ነገር ግን በቃሬዛ ላይ ሆኖ እየመጣም ሊጸለይለት ይችል ነበር። ለዚህ ሕመም መድኃኒት አለ። ዲያዜፓምና ቫይታሚን ቢ1 የሚሰጠው በጤና ባለሙያ ነው እንጂ ከሱቅ ገዝቶ አይወሰድም። ዶክተር ቦብ የጠጣውን ቢራም በቤታችሁ አትሞክሩት።

ቻንጋ ጠጥቶ ዓይኑ የደበዘዘበት ሰው ካለ እስኪነጋ አትጠብቁ። እ.ኤ.አ. በ2000 በናይሮቢ ሜታኖል በተቀላቀለበት መጠጥ ከመቶ በላይ ሰዎች ሞተዋል፣ የታወሩም ብዙ ናቸው።

እንግዲህ እማማ፣ ጸበል ወይስ ክሊኒክ ላሉት ጥያቄ መልሳችን ሁለቱም ነው፤ መጀመሪያ ግን ክሊኒክ። መንቀጥቀጡ አልፎ ልጅዎ ሲረጋጋ፣ ጠጥቶ የተወ አንድ ሰው ይፈልጉለትና ሁለቱን ብቻቸውን ቡና አፍልተው ያስቀምጧቸው። እርስዎ ከክፍሉ ይውጡ። ናይሮቢና አዲስ አበባ የዚህ ኅብረት ስብሰባዎች አሉ፤ እዚህ ባይኖርም ሁለት ሰው ይበቃል፣ አክሮን ላይም ሁለት ነበሩ። ጠጥታችሁ የተዋችሁና ሌላውን ለማነጋገር ፈቃደኛ የሆናችሁ ካላችሁ ለጤና ባለሙያው በጆሮው ንገሩት። ስማችሁ አይጻፍም።

በሚቀጥለው ሳምንት ስለ ሕፃናት ተቅማጥና ስለ ኦ.አር.ኤስ አበጣጠር እንነጋገራለን። እስከዚያው ጤና ይስጥልን።