ስለ ዕጩዎች ምዝገባና ስለ ፍርድ
(በተማሪዎች ኅብረት ጉባኤ ላይ የተደረገ ንግግር)



ዛሬ የምናገረው ስለ ድምፅ አሰጣጥ አይደለም፤ ከዚያ በፊት ዕጩው ስሙን ስለሚያስመዘግብባት ቀን ነው። ሕዝብ የሚመርጠው ከቀረቡለት ስሞች መካከል ብቻ ነውና፤ ስም የሚያስቀር ሰው ከመራጩ ቀድሞ መርጧል ማለት ነው።

ነገሩ ለከተማችን ለጭሮ እንግዳ አይደለም። አሰበ ተፈሪ ትባል በነበረበት ዘመን ያቀኗት ፊታውራሪ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም የ1923ቱን ሕገ መንግሥት ያረቀቁ ሰው ናቸው። በዚያ ሕግ፤ ሕዝቡ ራሱ ለመምረጥ እስኪበቃ ድረስ፤ የሕግ መምሪያ ምክር ቤት አባሎችን መኳንንቱና የአገር ሹማምንቱ እንዲመርጡ ተደነገገ። በ1948 የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ምርጫውን ለሕዝብ ሰጠ፤ ነገር ግን ዕጩው በምርጫው ክልል ባለ ንብረት እንዲሆን አዘዘ። ስለዚህ በጨርጨር የሰው መሬት ያርስ የነበረው ጭሰኛ ለመምረጥ በሩ ተከፈተለት፤ ለመመረጥ ግን በሩ እንደ ጠበበ ቀረ።

የንብረቱ ደንብ ዛሬ ቀርቷል፤ ክርክሩ ግን አልቀረም። በ2000 ዓ.ም. የወረዳና የቀበሌ ምርጫ ሲደረግ የኢትዮጵያ ዴሞክራሲያዊ ኃይሎች ኅብረትና የኦሮሞ ፌዴራላዊ ዴሞክራሲያዊ ንቅናቄ «ዕጩዎቻችን እንዳይመዘገቡ ተከለከሉ» ብለው ከውድድሩ ወጡ። ከ3 ሚሊዮን ተኩል የሚበልጠው መቀመጫም ከሞላ ጎደል በሙሉ በኢሕአዴግና በአጋሮቹ እጅ ገባ። እንዲህ ያለው ክርክር በጊዜው በዳኛ ፊት ካልተለየ፤ ሁለቱም ወገን «እውነቱ የእኔ ነው» እያለ ይኖራል፤ ሕዝቡ ግን ሳያውቀው ይቀራል።

ዳኛ ሲገኝ ምን እንደሚሆን በ2013 ዓ.ም. አይተናል። ባልደራስ ለእውነተኛ ዲሞክራሲ የተባለው ፓርቲ በእስር ላይ የነበሩትን፤ ነገር ግን ገና ያልተፈረደባቸውን እነ እስክንድር ነጋን በአዲስ አበባ በዕጩነት አቀረበ። ምርጫ ቦርድ አልመዘግብም አለ። ክርክሩ እስከ ፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት ደረሰ፤ ችሎቱም ግንቦት 16 ቀን ይመዝገቡ ሲል ፈረደ። ድምፅ የሚሰጥበት ሰኔ 14 ሊደርስ የቀረው 28 ቀን ነበር። ቦርዱ በመጀመሪያ የድምፅ መስጫው ወረቀት ታትሟል፤ መፈጸሙ ያስቸግራል አለ፤ በኋላ ግን ፍርዱን ተቀብሎ መዘገባቸው። ፍርዱ ጥቂት ሳምንት ቢዘገይ ኖሮ ጅብ ከሄደ የጮኸ ውሻ ይሆን ነበር።

እንግዲህ እናስብ። ያ ፓርቲ ጠበቃ ነበረው፤ ችሎቱም በሚኖርበት ከተማ ነበር። በገለምሶ፤ በበዴሳ፤ በሂርና ወይም በሚኤሶ ለወረዳ ምክር ቤት ልወዳደር ያለ አንድ መምህር «ስምህ አልተቀበልንም» ቢባልስ? አቤቱታውን ከምርጫ ክልሉ እስከ ቦርዱ፤ ከዚያም እስከ ፍርድ ቤት ሊከታተል ረጅም መንገድ ተጉዞ፤ ከሥራውም ቀርቶ፤ የመኪናውንና የአልጋውን ከፍሎ ነው። ይህ ሁሉ ለአንዲት የወረዳ ወንበር ነው የሚል ይኖር ይሆናል። አባቶቻችን ግን «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ታሳዝነኛለች» ብለዋል። የወረዳ ወንበር ጭብጦ ናት፤ ነገር ግን ውኃችንና መንገዳችን የሚነገርባት እሷ ናት።

ስለዚህ ሦስት ነገር ይገባል እላለሁ። አንደኛ፤ ዕጩን የሚከለክል ሰው ምክንያቱን ቀኑን ጠቅሶ በጽሑፍ ይስጥ፤ በቃል የተነገረ ክልከላ ይግባኝ አይባልበትምና። ሁለተኛ፤ የወረዳና የቀበሌ ዕጩዎች ክርክር በዚያው በዞኑ ከተማ በሚያስችል ፍርድ ቤት ይታይ። ሦስተኛ፤ ክርክሩ ሳይለይ የድምፅ መስጫው ወረቀት አይታተም።

በ2010 ሊደረግ የነበረው የወረዳና የቀበሌ ምርጫ ተላልፎ፤ በ2013ቱም አብሮ ሳይደረግ ቀርቷል። ሕግን ለማስተካከል የሚመቸው እንዲህ ያለው ተወዳዳሪ የሌለበት ጊዜ ነው፤ ማን እንደሚጠቀምበት አይታወቅምና።

በመጨረሻም ወደ ራሳችን እንመለስ። ባለፈው የኅብረታችን ምርጫ አንድ ጓደኛችን ስሙ ከሰሌዳው ላይ ተፋቀ። ማን እንደፋቀው፤ ስለ ምን እንደፋቀው እስከ ዛሬ የጻፈለት የለም። እኔም በዚያን ቀን እዚያው ቆሜ ነበርሁ፤ አልጠየቅሁም። የወረዳውን ሹም ከመውቀሳችን በፊት ለዚያ ልጅ መልሱን በጽሑፍ እንስጠው።