የተከራካሪ ሞትና የይግባኝ ዕጣ በጎጃም



ይግባኝ ባዩ በቀጠሮው ቀን ስሙ ተጠርቶ ሳይቀርብ የሚቀርበት ምክንያት አንዳንድ ጊዜ ሞት ነው። በዚህ ጊዜ መዝገቡ ይዘጋል ወይስ ሌላ ሰው ተተክቶ ክርክሩ ይቀጥላል? የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ መልስ አጭር ነው፤ የመክሰስ መብቱ ከሟቹ ጋር የሚቀር ካልሆነ ሞት ክርክሩን አያቋርጠውም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግም በቁጥር 826 በሞት የማይቋረጡ መብቶችና ግዴታዎች ለወራሾች እንደሚተላለፉ ይደነግጋል። ከሌላ ድርጅት ጋር ስለ ተዋሐደ ድርጅት ብዙ መናገር አያሻም፤ መብቱን የተረከበው ይተካል። የሚያስቸግረው መሬት ነው።

በርስት ዘመን የጎጃም ሰው መሬት የሚጠይቀው በአባቱም ሆነ በእናቱ በኩል ከዋናው አባት መወለዱን ቆጥሮ ነበር። አላን ሆቤን በዳሞት አጥንቶ በ1973 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ ይህን አሠራር በሰፊው ገልጾታል። መብቱ የዘር ስለ ነበረ አባት የጀመረውን ሙግት ልጅ ይረከበዋል፤ አቤቱታው ከወረዳ ወደ አውራጃ፣ በመጨረሻም ዓባይን ተሻግሮ አዲስ አበባ ዙፋን ችሎት እስኪደርስ ድረስ ሙግቱን የጀመረውና የጨረሰው አንድ ሰው ላይሆን ይችል ነበር። ከደብረ ማርቆስ 300 ኪሎ ሜትር ያህል የሚርቀው ያ መንገድ ራሱ አንድ ሙግት ነበር።

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 31 የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት ሆነ፤ በሽያጭም በውርስም እንዳይተላለፍ ተከለከለ። ባለይዞታው ሲሞት የመጠቀም መብቱ ለሚስት ወይም ለባል ወይም አካለ መጠን ላላደረሱ ልጆች፣ እነርሱ ከሌሉም አካለ መጠን ላደረሰ ልጅ ብቻ ሆነ። በርስት አገር ገበሬው የሚያርሰውን ይዞ እንዲቆይ ስለ ተፈቀደ፣ ዘር ቆጥሮ የሚሟገተው ተከራካሪ በጤና ቆሞ ሳለ የተሟገተበት መብት ጠፋ። ያዡም ያለ ፍርድ ረቺ ሆነ።

ኋላ የአማራ ክልል አዋጅ ቁጥር 133/1998፣ እርሱንም የተካው አዋጅ ቁጥር 252/2009 የይዞታ መብት በኑዛዜና በውርስ እንዲተላለፍ ፈቀዱ። ይሁንና ይዞታን የሚረከበው ማን እንደሆነ የሚወስነው የመሬቱ ሕግ ነው። ስለዚህ በቁጥር 996 የወራሽነት ማስረጃ ያወጣ፣ በከተማ የሚኖር ልጅ የአባቱን ገንዘብ ቢወርስም፣ በይዞታው ይግባኝ ለመተካት ማስረጃው ብቻውን አይበቃውም። በይዞታ ደብተሩ ላይ ስሟ ከባሏ ጋር የሰፈረ ሚስት ደግሞ ከወራሽ ተራ ልትቆጠር አይገባም፤ ድርሻዋ ባሏ ሳይሞትም የራሷ ነበር። ባል ሞተ ተብሎ መዝገቡ ሲዘጋ ያላለፈው መብቷ አብሮ ይዘጋባታል።

ሌላ ስምምነት ከሌለ ውክልናም በወካዩ ሞት ይቀራል። ደንበኛው በሁለት ቀጠሮ መካከል የሞተበት ጠበቃ ሞቱን ለችሎቱ ከማስታወቅና ቤተ ዘመዱን ከመፈለግ በቀር በሟቹ ስም ሊከራከር አይችልም። በብቸና ወይም በሞጣ ገጠር ያሉት ወራሾች ግን ሞቱን እንጂ ቀጠሮውን ላያውቁ ይችላሉ፤ የመዝገቡን ቁጥር የያዘው ጠበቃው ነው።