ለመቅደሱም ለገበያውም የሚሠራ እጅ
(በሬድዮ የተነገረ)



ዛሬ የምንነጋገረው በአንድ እጃቸው ለቤተ ክርስቲያንም ለገበያም ሥዕል ሲሠሩ ስለ ኖሩ ሰዎች ነው። ይህን ጉዳይ ለማንሣት ያሰብነው፣ በእንጅባራም ሆነ በዳንግላ፣ በደብተሩ ጠርዝ ላይ ፈረስና ፈረሰኛ ሲሥል የሚውል ልጅ ያለው ወላጅ «ይህ ነገር ምን እንጀራ ይሆነዋል?» ብሎ መጠየቁ ስለማይቀር ነው። ጥያቄው የሚናቅ አይደለም። ልጁን የሚወድ አባት ስለ ነገው ኑሮ ማሰብ ግዴታው ነው። እኛም መልሱን ለማግኘት የምንሞክረው በሥዕል ኖረው ካሳዩ ሰዎች ታሪክ ነው።

በውጭ አገር «ኮሚክ» የሚባል የሥዕል መጽሔት እንዳለ ብዙዎቻችሁ ታውቃላችሁ። አንዱ ገጽ በትንንሽ አራት ማዕዘኖች ይከፈላል፤ በየአንዳንዱም ክፍል ታሪኩ አንድ እርምጃ ወደ ፊት ይራመዳል፤ የሰዎቹም ንግግር በአጭር ጽሑፍ ይገባበታል። ብዙ ሰው ይህን ጥበብ ከአሜሪካ ወይም ከጃፓን ብቻ የመጣ አድርጎ ያስበዋል። ዳሩ ግን ከዳንግላ ወደ ባሕር ዳር ተጕዞ፣ ጣናን በጀልባ ተሻግሮ በዘጌ የሚገኘውን የዑራ ኪዳነ ምሕረትን መቅደስ የተመለከተ ሰው፣ ታሪክን በተከታታይ ሥዕል መተረክ ለእኛ እንግዳ ነገር አለመሆኑን ያለ አስተማሪ ይረዳል። እዚያ የመቅደሱ ግድግዳ ከላይ እስከ ታች በሥዕል ተሸፍኗል፤ አንዱ ታሪክ ሲያልቅ ሌላው ይቀጥላል፤ ከሥዕሉም አጠገብ ማን እንደ ሆነና ምን እንዳደረገ የሚናገር ጽሑፍ አለ። በብራና በተጻፉት የተአምረ ማርያም መጻሕፍትም እንደዚሁ ነው። የበላዔ ሰብእን ታሪክ ያስታውሷል፤ ሰውን ሲበላ የኖረው ሰው፣ ለተጠማው ድኻ ስለ እመቤታችን ብሎ ጥቂት ውሃ በመስጠቱ፣ በፍርድ ሚዛን ላይ ያ ውሃ መዝኖለት ዳነ ይባላል። ሠዓሊዎቹ ይህን ታሪክ በየክፍሉ እየለያዩ ስለ ሣሉት፣ ፊደል ያልቈጠረውም ምእመን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በዓይኑ ሊያነበው ችሏል።

ይኸው የመቅደስ ጥበብ ወደ ገበያ ሲወጣ በግልጽ የምናየው በንግሥተ ሳባ ሥዕል ነው። ሠዓሊው አንድ ሸራ ወስዶ በመስመር ይከፋፍለዋል፤ የክፍሎቹም ቍጥር ብዙ ጊዜ 44 ነው። ታሪኩ ሕዝቡ ከሚገብርለት ዘንዶ ይጀምራል። ዘንዶው ይገደላል፤ ማክዳ ትነግሣለች፤ ነጋዴው ታምሪን ስለ ንጉሥ ሰሎሞን ጥበብ ያወራላታል፤ ወደ ኢየሩሳሌም ትጓዛለች፤ ቅመም በበዛበት ማዕድ ላይ ትቀመጣለች፤ ሌሊት ውሃ ይጠማታል፤ በመጨረሻም ልጇ ምኒልክ ታቦተ ጽዮንን ይዞ ወደ ኢትዮጵያ ይመለሳል። በየክፍሉም አንድ መስመር አማርኛ ተጽፎበታል። ይህ በሥዕል የሚነበብ ታሪክ ካልተባለ ምን ሊባል ነው? በሃያኛው ክፍለ ዘመን በአዲስ አበባ ይህን ሥዕል ለውጭ አገር እንግዶችና ለከተማው ሰው እየሣሉ የተዳደሩት ሠዓሊዎች፣ አብዛኞቹ ሙያቸውን የተማሩት በቤተ ክርስቲያን ነበር።

ከንግሥተ ሳባ ሥዕል ጋር እኩል የሚፈለገው የዐድዋ ጦርነት ሥዕል ነው። ይህን ሥዕል ቀረብ ብሎ ለሚመለከተው፣ የመቅደሱ ሕግ በጦር ሜዳው ላይም እንደሚሠራ ይታየዋል። በቤተ ክርስቲያናችን ሥርዐት ጻድቃንና ሰማዕታት ፊታቸው በሙሉ፣ ሁለቱም ዓይኖቻቸው እየታዩ ይሣላሉ፤ ዲያብሎስና ይሁዳ ግን በጐን ተሥለው አንድ ዓይናቸው ብቻ ይታያል። በዐድዋም ሥዕል ዐፄ ምኒልክ በጥላቸው ሥር፣ እቴጌ ጣይቱም በፈረሳቸው ላይ፣ አርበኞቹም ሁሉ በሁለት ዓይን ይመለከታሉ፤ ወራሪው ጦር ግን በጐን ተሥሎ በአንድ ዓይን ይታያል። ከሁሉም በላይ፣ ከሰማይ በኩል፣ ቅዱስ ጊዮርጊስ በነጭ ፈረሱ ተቀምጦ በኢትዮጵያውያን ወገን ይዋጋል። ድሉ የተገኘው የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ነበርና ቀኑ የቅዱስ ጊዮርጊስ ወርኀዊ በዓል ነው። ስለዚህ ሠዓሊው ጦርነቱን ሲሥል ከቤተ ክርስቲያን የተማረውን አልጣለም፤ ይልቁንም ያ ትምህርት ማን ወዳጅ ማን ጠላት እንደ ሆነ ያለ ቃል የሚናገርበት ቋንቋ ሆነለት።

ይህን ነገር ከአዊ ሕዝብ ይበልጥ የሚረዳው ማን ነው? የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር በ1932 ዓ.ም. ከተመሠረተ ወዲህ፣ በየዓመቱ ጥር 23 ቀን፣ በቅዱስ ጊዮርጊስ ዕለት፣ በእንጅባራ ሜዳ ፈረስ እያሰገረ አባቶቹን ያስባል። በዓሉ የሰማዕቱ መታሰቢያም ነው፤ በዐድዋና በኋለኛው የጣልያን ወረራ ጊዜ የተዋደቁት አርበኞችና ፈረሶቻቸው መታሰቢያም ነው። በዚያ ሜዳ ላይ የሃይማኖቱና የአገሩ ነገር በአንድ ኮርቻ ይቀመጣሉ። ልጁ በደብተሩ ጠርዝ የሚሥለውም ፈረስ ከዚሁ የመጣ ነው።

አሁን ወደ አንድ ሰው ታሪክ እንለፍ። ቄስ አዳሙ ተስፋው የጎጃም ሰው ናቸው፤ የተወለዱትም በቢቸና ነው። የቤተ ክርስቲያን ትምህርት ተምረው ቅስና ተቀበሉ፤ ሥዕልንም በዚያው በቤተ ክርስቲያን አካባቢ ተማሩ። ከዚያም ወደ አዲስ አበባ መጥተው ብዙ ዘመን በሥዕል ተዳደሩ። ቅዱስ ጊዮርጊስ ብሩታዊትን ከዘንዶው ሲያድን ሣሉ፤ እመቤታችንን ከነልጇ ሣሉ፤ እንዲሁም የዐድዋን ጦርነት፣ የንግሥተ ሳባን ታሪክና የሰውን የዕለት ኑሮ ሣሉ። ገዢዎቻቸውም ከጎብኚዎች ጋር የሚነግዱ ባለሱቆችና ራሳቸው ጎብኚዎቹ ነበሩ። እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ2005 በአሜሪካ አገር በሎስ አንጀለስ ከተማ፣ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፋውለር ሙዚየም ለእሳቸው ሕይወትና ሥራ ብቻ የሚሆን ትርኢት አዘጋጀ፤ ፕሮፌሰር ሬይመንድ ሲልቨርማንም ስለ እሳቸው መጽሐፍ አወጡ። የአገራችን ባሕላዊ ሠዓሊዎች አብዛኞቹ ስማቸው ሳይታወቅ ያለፉ መሆናቸውን ስናስብ፣ አንድ የቢቸና ቄስ በስማቸው መጠራታቸው ትንሽ ነገር አይደለም።

ዳሩ ግን ለሁለት ጌታ መሥራት ቀላል እንደ ሆነ አድርገን ብንናገር እውነቱን ሸፈንን ማለት ነው። ቤተ ክርስቲያን ከሠዓሊው የምትጠይቀው ታማኝነትን ነው። ገድሉ ያላለውን እንዲጨምር አትፈቅድለትም፤ የመላእክትንና የቅዱሳንን ሥርዐት ያፋልስ ዘንድም አትወድም፤ ሥራውም ለጸሎት ስለ ሆነ ስሙ ቢቀር ግድ የላትም። ገበያ ደግሞ የሚጠይቀው ፍጥነትን ነው። ትናንት የተሸጠው ሥዕል ዛሬም በዚያው መልክ እንዲደገም ይፈልጋል፤ ዋጋውንም እየተከራከረ ይቀንሳል። በመቅደስ ብቻ የቀረ ሠዓሊ ሥራው በሚቆምበት ዓመት እንጀራ ያጣል፤ በገበያ ብቻ የቀረ ደግሞ አንዱን ሥዕል መቶ ጊዜ ሲደጋግም እጁ ይደነዝዛል። «ሁለት ባላ ትከል፤ አንዱ ሲሰበር በአንዱ ተንጠልጠል» የሚለው የአባቶች ምክር ለሠዓሊ የተነገረ ይመስላል። ሆኖም ሁለት ባላ የተከለ ሰው፣ በየትኛው ላይ ምን እንደሚሰቅል ለይቶ ማወቅ አለበት።

ይህ የመለየት ነገር በሌላውም ዓለም ያጋጠመ ስለ ሆነ፣ አንድ የአሜሪካ ሠዓሊ ታሪክ ልናወራላችሁ እንወዳለን። ሚስተር አል ሃርትሊ በ1921 እ.ኤ.አ. ተወልደው በ2003 እ.ኤ.አ. ያረፉ የኮሚክ ሠዓሊ ነበሩ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የቦምብ ጣይ አውሮፕላን አብራሪ ሆነው አገልግለዋል። ከጦርነቱ በኋላ «ፓትሲ ዎከር» የምትባለዋን ወጣት ታሪክ ብዙ ዓመት ሣሉ። በ1967 እ.ኤ.አ. ልባቸው ወደ ሃይማኖት በተመለሰ ጊዜ፣ ለወንዶች መጽሔት ይሥሉት የነበረውን ጨዋነት የጐደለው ሥራ ከእንግዲህ አልሠራም ብለው ተዉ። ቤተ ሰብ ላለው ሰው በእጁ ያለውን ሥራ መተው ከባድ ነው። ቈይቶ ግን የታወቀውን «አርቺ» የተባለ የወጣቶች ኮሚክ የሚያሳትመው ኩባንያ ሥራ ሰጣቸው።

በዚያም ሌላ ፈተና ገጠማቸው። ሚስተር ሃርትሊ ሃይማኖታቸውን በየታሪኩ ውስጥ ማስገባት ጀመሩ፤ የኩባንያው ባለቤት ሚስተር ጆን ጎልድዋተርም ነገሩን ቀነስ እንዲያደርጉት ነገሯቸው። ሠዓሊው ቃሉን ተቀበሉ። ጥቂት ቈይቶ አንድ የክርስቲያን መጻሕፍት አሳታሚ መንፈሳዊ ኮሚክ እንዲሠሩለት ጠየቃቸው፤ ከ1972 እ.ኤ.አ. ጀምሮም «ስፓየር» በሚል ስም ይታተም ጀመር። ሚስተር ሃርትሊ በዚህ ጊዜ ወደ ሚስተር ጎልድዋተር ተመልሰው፣ አርቺንና ጓደኞቹን በመንፈሳዊው መጽሔት ለመሣል ፈቃድ ለመኑ። ሚስተር ጎልድዋተር የአይሁድ እምነት ተከታይ ነበሩ፤ ሆኖም ፈቀዱላቸው። ከወጡት 59 ያህል መጽሔቶች 19ኙ የአርቺ ነበሩ። በሌላው ሰው ቤት የቤቱን ደንብ ጠብቀው ስለ ሠሩ፣ የራሳቸውን ሥራ በግልጽ በጠየቁ ጊዜ በሩ ተከፈተላቸው። የማይሠሩትንም አስቀድመው ስላወቁ፣ በሁለቱም ቦታ ያው አንድ ሰው ሆነው ተገኙ።

በአገራችንም ይህን በትልቁ ያሳዩን እጅግ የተከበሩ የዓለም ሎሬት አፈወርቅ ተክሌ ናቸው። በአንኮበር ተወልደው በ2004 ዓ.ም. ያረፉት እኒህ ሠዓሊ፣ በአዲስ አበባ የቅዱስ ጊዮርጊስን ካቴድራል በሥዕል አስጊጠዋል፤ የአፍሪካንም ትናንትና፣ ዛሬና ነገ በአፍሪካ አዳራሽ ባለ ቀለም መስታወት ላይ አሳይተዋል። በቅርቡ ደግሞ፣ በ2018 እ.ኤ.አ.፣ ኢታን ኮሚክስ የተባለው ድርጅት «ጀምበር» የሚል ኢትዮጵያዊ የኮሚክ መጽሔት አውጥቷል። እንግዲህ መንገዱ የለም ማለት አይቻልም።

አድማጮች ሆይ፤ በመግቢያችን ላይ ለተነሣው ጥያቄ መልሳችን ይህ ነው። ሥዕል እንጀራ ይሆናል፤ የሚሆነው ግን ሙያውን ከሥሩ ለተማረና ለመቅደሱም ለገበያውም የሚገባውን ለይቶ ላወቀ ሰው ነው። ከሥሩ የሚማርበት ስፍራ ደግሞ በእጃችን እያለ እየጠፋ ነው። በየስፍራው አሮጌው ቤተ ክርስቲያን ፈርሶ አዲሱ ሲሠራ፣ በአቡጀዲ ላይ ተሥሎ ግድግዳው ላይ የተለጠፈው የአባቶች ሥዕል ከጭቃው ጋር አብሮ ይወድቃል፤ በስፍራውም በማተሚያ ቤት የታተመ የወረቀት ሥዕል ይሰቀላል። ወረቀቱ ርካሽ ነው፤ አንድም ተማሪ ግን አያስተምርም። «በእጅ የያዙት ወርቅ ከመዳብ ይቈጠራል» የተባለው ለዚህ ነው።

ስለዚህ ሦስት ነገር አደራ እንላለን። የሰበካ ጉባኤ አባላት ሆይ፣ አሮጌ ግድግዳ ከማፍረሳችሁ በፊት ዐዋቂ ጠይቁ፤ ሥዕሉ ሊነሣ የሚችል ከሆነ ይነሣ፤ የማይቻል ከሆነ እንኳ እያንዳንዱ ክፍል ከነጽሑፉ ፎቶግራፍ ይነሣ። ለአዲሱም መቅደስ ገንዘብ ስታሰባስቡ፣ የሠዓሊውን ድርሻ ከቈርቈሮው ድርሻ ጋር አብራችሁ ቍጠሩት፤ ሠዓሊውም ረዳት የሚሆን አንድ የአካባቢውን ልጅ ይዞ እንዲሠራ ተዋዋሉ። መምህራን ሆይ፣ የጥር 23ን የፈረስ በዓል ልጆች በስምንት ወይም በዐሥር ክፍል ሥለው፣ በየክፍሉ ሥር አንድ መስመር በአውኚ፣ አንድ መስመር በአማርኛ እንዲጽፉበት አድርጉ። ልጁ በአንድ ሥራ ሥዕልንም፣ ታሪክንም፣ ሁለት ቋንቋንም ይማራል። ወላጆች ሆይ፣ ልጃችሁን ትምህርቱን እንዲጠብቅ ምከሩት፤ እርሳሱን ግን አትቀሙት።

ቢቸና ከእንጅባራ እጅግ ሩቅ አይደለችም፤ ጎጃም አንድ ሠዓሊ ብቻ ወልዳ የምትቀር አገር አይደለችም።