የማይታይ ቪዲዮ ሁሉ የተበላሸ አይደለም
(ከካርቱም ለመጡ የካምፑ ነዋሪዎች ከተደረገ ንግግር)



ዛሬ ልናነጋግራችሁ የመጣነው ስለ ቪዲዮ ነው። «ስንት ችግር እያለ ስለ ቪዲዮ?» የሚል አይጠፋም። ይሁን እንጂ እ.ኤ.አ. አፕሪል 15 ቀን 2023 በካርቱም ጦርነት ሲነሣ አልጋውንና ፍሪጁን ጥሎ የወጣ ሰው በኪሱ ይዞት የወጣው ሞባይሉንና ሜሞሪውን ነው። በዚያች ትንሽ ሜሞሪ ውስጥ የልጅ ክርስትና አለ፣ የሟች እናት ድምፅ አለ፣ የቤቱና የዕቃው ማስረጃ አለ። አንዳንዱም ከዘመዶቹ የተላከለትን የድሮ የቪዲዮ ካሴት በሻንጣው ሥር ደብቆ አምጥቷል።

ወደ እኛ የሚመጣው ሰው አብዛኛውን ጊዜ የሚለን «ይህ ተበላሽቷል፣ አጥፉልኝና ቦታ ይለቀቅልኝ» ነው። ከፍተን ስናየው ግን ብዙው ደህና ነው። ስለሆነም አስቀድመን የምንለምናችሁ አንድ ነገር ነው፤ ችግሩ ከፋይሉ ይሁን ከማጫወቻው ሳይለይ ምንም ነገር አታጥፉ።

ይህ ችግር ለካርቱም ሰው አዲስ አይደለም። በደይም ሰፈር ዴክ ያለው ቤት የጎረቤቱ ሁሉ ሲኒማ በነበረበት ጊዜ፣ አሜሪካ የገባች እህት የሠርጓን ካሴት ትልካለች። ቡና ተፈልቶ፣ ጎረቤት ተጠርቶ ካሴቱ ዴኩ ውስጥ ሲገባ ሥዕሉ እየተንከባለለ ይወርዳል፤ ድምፁም እንደ ሰከረ ሰው ይጎተታል። «ኤርፖርት ላይ አበላሹት» ይባልና ካሴቱ ይጣላል፣ ወይም ሌላ ነገር ይቀዳበታል። ካሴቱ ግን ምንም አልነበረበትም። አሜሪካና ካናዳ ኤን.ቲ.ኤስ.ሲ. በሚባል ሲስተም፣ ሱዳንና ኢትዮጵያ ደግሞ ፓል በሚባለው ይጠቀሙ ነበር። የአሜሪካው ሥዕሉን በ525 መስመር፣ በሴኮንድ ወደ 30 ምስል አድርጎ ይሠራዋል፤ ፓል በ625 መስመርና በ25 ምስል። ካሴቱ የሚሮጥበትም ፍጥነት ይለያያል። የአሜሪካው በሴኮንድ 3.3 ሳንቲ ሜትር ያህል ሲሄድ የፓሉ 2.3 ያህል ብቻ ነው። ድምፁ የሚጎተተው በዚህ ምክንያት ነው። መድኃኒቱ ሁሉንም ሲስተም የሚያጫውት ዴክ ፈልጎ ማግኘት ብቻ ነበር።

ይህንን የድሮ ታሪክ ያነሣነው ያው በሽታ ዛሬም በሌላ ስም ስለመጣ ነው። ከ2017 ወዲህ የአይፎን ስልኮች ቪዲዮ የሚቀርጹት ኤች 265 በሚባል አዲስ አጠቃቀጥ ነው። ቦታ ይቆጥባል፤ የእኛ አሮጌ ስልኮች ግን ብዙዎቹ አያውቁትም። ከሚኒያፖሊስ የተላከው ቪዲዮ እዚህ ሲከፈት ድምፁ ይሰማል፣ ሥዕሉ ግን ጥቁር ነው፤ ወይም እየተቆራረጠ ይሄዳል። ላኪው ወንድማችሁ ስልኩ ላይ ሴቲንግ፣ ከዚያ ካሜራ፣ ከዚያ ፎርማትስ ገብቶ «ሞስት ኮምፓቲብል» የሚለውን ቢመርጥ ከዚያ በኋላ የሚቀርጸው በእናንተም ስልክ ይከፈታል። አስቀድሞ የቀረጸውን ግን ይህ አይለውጠውም።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚሳሳትበትን እናስረዳ። በፋይሉ ስም መጨረሻ ላይ ኤም.ፒ.4 ወይም ኤም.ኬ.ቪ. የሚል ይጻፋል። ይህ የሞሰቡ ስም ነው እንጂ የእንጀራው አይደለም። ሁለት ሞሰብ ከውጭ ሲያዩአቸው አንድ ዓይነት ሆነው በአንዱ ውስጥ የጤፍ እንጀራ፣ በሌላው ውስጥ ኪስራ ሊኖር ይችላል። የውስጡን ፈትቶ የሚያወጣው ኮዴክ ይባላል። በመሆኑም የፋይሉን ስም በመቀየር የዳነ ቪዲዮ አላየንም፤ ሙከራው ግን በየቀኑ ይደረጋል።

እንግዲህ አንድ ቪዲዮ እምቢ ሲላችሁ መጀመሪያ ሌላ ቪዲዮ በዚያው ስልክ ክፈቱ። ሌላው ከሠራ፣ እምቢ ያለውን ወስዳችሁ በጎረቤት ስልክ ሞክሩት። እዚያ ከሠራ ፋይሉ ጤነኛ ነው፤ የእናንተ ማጫወቻ ነው ያልቻለው። በሁለቱም እምቢ ካለ መጠኑን ተመልከቱ። ላኪው 80 ሜጋባይት ብሎ የእናንተ 31 ከሆነ ኔትወርክ ቆርጦታል ማለት ነውና እንደገና ይላክ። መጠኑም ትክክል ሆኖ ካልከፈተ ነው ወደ ሌላ ጥርጣሬ የሚኬደው።

ማጫወቻን በተመለከተ፣ አንድ ብቻ ምረጡ ብትሉን ቪ.ኤል.ሲ. እንላለን። ምልክቱ መንገድ ሲሠራ የሚቆመው ብርቱካንማና ነጭ ሾጣጣ ነው። በ1996 የፓሪሱ ኤኮል ሴንትራል ተማሪዎች የጀመሩት ሥራ ሲሆን ከ2001 ጀምሮ ኮዱ ለሁሉም ክፍት ነው። ኮዴኮቹን በውስጡ ይዞ ስለሚመጣ ሌላ ነገር አውርዱ አይላችሁም፤ ገንዘብ አይጠይቅም፣ ማስታወቂያም የለውም። ኤም ኤክስ ፕሌየርም ለአያያዝ ይመቻል፤ ብዙ ወጣቶች የሚወዱት እሱን ነው። ነገር ግን በነፃ የሚገኘው ማስታወቂያ ያመጣል፣ ማስታወቂያውም በውድ የገዛችሁትን ዳታ ይበላል። አንዳንድ ፊልም ላይም ሥዕሉን አሳይቶ ድምፁን አይሰጥም።

ቪ.ኤል.ሲ. ራሱ ሥዕሉን ካጠቆረ ወይም አረንጓዴ ካደረገ ሴቲንግ ውስጥ «ሃርድዌር አክስለሬሽን» የሚለውን አጥፉት። ያን ጊዜ ሥራውን ሁሉ የስልኩ ዋና አንጎል ይወስደዋል። ቻርጅ ቶሎ ይጨርሳል፣ ስልኩም ይሞቃል፤ በሶላር ተራ ለምንጠብቅ ሰዎች ይህ ቀላል ወጪ አይደለም፤ ቢሆንም ቪዲዮው ይታያል። «ይህን ቪዲዮ ለማየት ኮዴክ አውርድ» የሚል ነገር በስክሪኑ ላይ ቢመጣባችሁ ግን ዝጉት። ቫይረስ ማስገቢያ የቆየ ዘዴ ነው።

ስለ ዋትስአፕ አንድ ቃል። ቪዲዮ በተለመደው መንገድ ሲላክ ዋትስአፕ ይጨምቀዋል፤ ጥራቱ ይወርዳል፣ የተቀረጸበትን ቀንና ቦታ የሚናገረውም መረጃ ይወልቃል። ለደስታ ቪዲዮ ግድ የለም። የተቃጠለ ቤታችሁን ወይም የጠፋ ዘመዳችሁን የሚያሳይ፣ ነገ ማስረጃ ሊሆን የሚችል ቪዲዮ ከሆነ ግን «ዶክዩመንት» በሚለው በኩል ላኩት፤ እንደ ነበረ ይደርሳል። ዋናውንም ከተቀረጸበት ስልክ ላይ አታጥፉ።

በእርግጥ የተጎዳ ፋይልም አለ። እየቀረጻችሁ ባትሪ ካለቀ ኤም.ፒ.4 አይከፈትም። ምክንያቱ የፋይሉ ማውጫ አብዛኛውን ጊዜ የሚጻፈው ቀረጻው ሲዘጋ ስለሆነ ነው። ሥዕሉ ውስጡ አለ፤ በዚያው ስልክ የተቀረጸ ሌላ ጤነኛ ቪዲዮ አብራችሁ ካመጣችሁ በኮምፒዩተር ማውጫውን መልሶ ለመሥራት ይሞከራል። በስሕተት የጠፋ ቪዲዮ ከሆነ በዚያ ሜሞሪ ላይ ፎቶ እንኳ አታንሡ። አዲሱ በአሮጌው ላይ ከተጻፈ የሚመለስበት መንገድ የለም። እንዲሁም ረጅም የሠርግ ፊልም ወደ ፍላሽ ሲገለበጥ እምቢ የሚለው ፍላሹ ስለተበላሸ ላይሆን ይችላል። ፋት 32 በሚባለው መንገድ የተዘጋጀ ፍላሽ ከ4 ጊጋባይት የሚበልጥ አንድ ፋይል አይቀበልም።

ካሴት ያላችሁ ደግሞ አትዘግዩ። ዴክ መሥራቱን እስከ መጨረሻ የቆየው የጃፓኑ ፉናይ ድርጅት እንኳ በ2016 አቁሟል። አሁን ያለው ዴክ ሁሉ አሮጌ ነው። የካርቱም ሐቡብ ያገባው አቧራም በካሴቱ ውስጥ አብሮ ተሰዷል፤ ሳይጸዳ ዴክ ውስጥ ከገባ ሄዱን ያቆሽሸዋል። ድምፁ ጥሩ ሆኖ ሥዕሉ በረዶ ከሆነ የቆሸሸው ሄዱ ነው እንጂ ካሴቱ ላይሆን ይችላል፤ በአልኮልና ሽሬት በማይተው ጨርቅ በቀስታ ይጠረጋል፣ በጥጥ አይነካም። ፊልሙ ላይ ነጭ ሻጋታ ካያችሁ ፈጽሞ አታጫውቱት።

ካሴት ወደ ፋይል የሚገለበጠው እየተጫወተ ነው፤ የሦስት ሰዓት ካሴት ሦስት ሰዓት ያልተቋረጠ መብራት ይፈልጋል። ስለዚህ ስታመጡ ከየትኛው አገር እንደተላከና በግምት ስንት ሰዓት እንደሆነ በወረቀት ጽፋችሁ ለጥፉበት። አገሩን ካላወቃችሁ ካሴቱ ላይ የታተመውን እዩ፤ «ቲ 120» የሚል ከሆነ ብዙውን ጊዜ የአሜሪካ ነው፣ «ኢ 180» የሚል ከሆነ የፓል ነው። ሟች ያለበትን ካሴት አስቀድመን እንገለብጣለን፤ ይህንንም በወረቀቱ ላይ ጻፉልን።