ቀልድ ለዓይን

በድምፅ አልባ አጫጭር ፊልሞች ቀልዱ የሚሠራው በሰውነትና በዕቃ ነው። ሰው ይወድቃል፣ ይጋጫል፣ ይበሰብሳል። ውድቀት ብቻውን ግን አያስቅም፤ ሰውየው ሳይወድቅ በፊት ማን ምን ያውቅ ነበር? ቀልዱ ያለው እዚያ ላይ ነው።

የሉሚየር ወንድማማቾች በፈረንጆቹ 1895 ያሳዩት ፊልም አንድ ደቂቃ አይሞላም። አትክልተኛ በጎማ ውሃ ያጠጣል። አንድ ልጅ ከኋላው ተሹለክልኮ ጎማውን ይረግጠዋል፤ ውሃው ቀጥ ይላል። አትክልተኛው ምን ነካው ብሎ የጎማውን አፍ ወደ ፊቱ አዙሮ ሲያይ ልጁ እግሩን ያነሳል። ልጁ ሊያመልጥ ሲል ተይዞ ካሜራው ፊት ድረስ እየተጎተተ ይመጣል፤ ቅጣቱም መታየት አለበትና። እዚህ ተመልካቹ የሚያውቀውን አትክልተኛው አያውቅም።

ፈረንጆች ይህን የመውደቅና የመጋጨት ቀልድ ስላፕስቲክ ይሉታል። ስሙ የመድረክ ቀልደኞች ይማቱበት ከነበረ ጥንድ ጠፍጣፋ እንጨት የመጣ ነው፤ ድምፁ ትልቅ፣ ሕመሙ ትንሽ።

ቻርሊ ቻፕሊን ደግሞ ተመልካቹን ራሱን ያታልላል። በ1917ቱ «ስደተኛው» ፊልም መርከብ ላይ ሆኖ፣ ጀርባውን ሰጥቶ፣ ባሕሩ ላይ ተደፍቶ ይንፈራገጣል። የሚያስታውከው ይመስላል። ዞር ሲል ለካ ዓሣ አጥምዷል።

ሁለቱን መንገድ አንድ ላይ የያዘው የባስተር ኪተን «አንድ ሳምንት» ነው፤ 1920። ሙሽሮች በሣጥን የመጣ፣ ቁጥር እየታየ የሚገጣጠም ቤት ይሰጣቸዋል። ሙሽሪትን ያጣው ሰው በቂም ቁጥሮቹን ይቀያይራል። ማገሩ በወራጁ ቦታ የገባበት ቤት ቢቆም ምን እንደሚመስል ማሰብ ነው። የፎቁ በር ወደ ባዶ አየር ይከፈታል፤ ሙሽራው ኪተን ፊቱ ሳይፈታ ወጥቶ ይወድቃል። ኋላም ቤቱ የቆመው በሰው ቦታ ላይ ሆኖ ይገኛል። በመኪና ሲጎትቱት የባቡር ሐዲድ ላይ ይጣበቃል። ባቡር ሲመጣ ባልና ሚስት ዓይናቸውን ይሸፍናሉ፤ ባቡሩ በጎን ባለው ሐዲድ አልፎ ይሄዳል። ተመልካቹም እነሱም እፎይ ሲሉ ሌላ ባቡር በተቃራኒው አቅጣጫ መጥቶ ቤቱን ያደቀዋል። ኪተን ፍርስራሹ ላይ «የሚሸጥ» የሚል ሰሌዳ ያቆማል፤ የመገጣጠሚያውን መመሪያም አብሮ ትቶለት ከሚስቱ ጋር ይሄዳል።